ወደ ፎርት ወርዝ የተላኩት ሽማግሌዎች

ይህ ነገር መጻፍ የሚገባው መሆኑን እስካሁን እርግጠኛ አይደለሁም። ከዳላስ ስመለስ ሰው ሁሉ የጠየቀኝ ስለ ፎቁ፣ ስለ መንገዱና ስለ ሱቁ ነው። ፎቁን ያየሁት ግን ከመኪና መስኮት ነው፤ ከሩቅ፣ በሙቀት ሲንቀጠቀጥ። በቅርብ ያየሁት አንድ አረጋዊ ቱርካዊ የቅርጫት ኳስ አሰልጣኝ፣ እሳቸውን ለማስታረቅ የተነሱ ሦስት የአገሬ ሰዎችና አንድ የተጎዳ ጉልበት ነው። ይህ ለማን እንደሚጠቅም አላውቅም። የስፖርት ሳይንስ የአንደኛ ዓመት ተማሪ ነኝ፤ የክፍል ጓደኞቼ “አንድ ነገር ጽፈሽ አምጪልን” አሉኝ፤ እኔም እሺ አልኩ። እሺ ማለት ልማዴ ነው።

ከደሴ የወጣሁት የጦሳ ተራራ በጉም ተሸፍኖ፣ ዝናቡ ገና በጥዋቱ ሲጥል ነው። የጋበዘኝ የእናቴ ታናሽ ወንድም ጀማል ነው፤ ዳላስ ይኖራል፤ አጠገቡ ኧርቪንግ በሚባል ከተማ ላለ ሆቴል እንግዶችን ከአውሮፕላን ማረፊያ ያመላልሳል። እናቴ ለእሱ አንድ ዕቃ የወሎ ቦረና ማር አሲዛኛለች። የሐረጎን ቁልቁለት ስንወርድ እንደ ሁልጊዜው ጆሮዬ ተደፈነ። በሐሳቤ ጆሮዬ እስከ ዳላስ ድረስ አልተከፈተም፤ አውሮፕላኑ፣ ዋሽንግተን ላይ የተሰለፍኩበት ረጅም ሰልፍ፣ ሁለተኛው አውሮፕላን፣ ሁሉም ውሃ ውስጥ ሆኜ የሰማሁት ይመስለኛል።

እሑድ አመሻሽ ላይ ዲኤፍደብሊው ከሚባለው የዳላስ አውሮፕላን ማረፊያ ስወጣ ሙቀቱ ፊቴን መታኝ። ቆላማዋ ባቲ የደረስኩ መሰለኝ። አጎቴ አቅፎ ሳመኝና “ሶ፣ እንዴት ነው አገሩ? ዘነበ?” አለ፤ መልሴን ሳይጠብቅ ሻንጣዬን እየጎተተ መኪና ፓርክ ያደረገበትን ቦታ መፈለግ ጀመረ። ሁለት ጊዜ ተሳሳተ። ሥራው በየቀኑ እዚያ ነው፤ እንግዳ ለመቀበል ሲመጣ ግን የሚያቆምበት ቦታ ሌላ እንደሆነ ነገረኝ እየሳቀ።

መንገዱ ሜዳ ነው። በኛ አገር ዓይን ሲደክመው የሚያርፍበት ተራራ አለ፤ እዚያ ግን የትም ብታዪ ሰማይ ነው። መንገዱ መንገድ ላይ ይወጣል፣ እሱም ሌላ መንገድ ላይ ይወጣል። አንቀላፋሁ፤ ስነቃም ያው መንገድ ነበር።

ሌክ ሃይላንድስ በሚባለው የዳላስ ሰፈር ያለው የአጎቴ አፓርታማ ደርሰን ሻንጣዬን ስከፍት ማሩ ፈሷል። ቀሚሶቼ፣ መጽሐፌ፣ አንድ ጫማዬ፣ ሁሉም ማር ሆኗል። ላለቅስ ነበር። የአጎቴ ልጅ ሐያት አሥራ ሦስት ዓመቷ ነው፤ እዚያው ነው የተወለደችው። ጣቷን ቀሚሴ ላይ ነክራ ላሰችና “ኦኬ ነው። ማለቴ፣ ልብሱ ይታጠባል። ማሩ ነው የሚያሳዝነው” አለችኝ። የአጎቴ ባለቤት ልብሶቼን ሁሉ ለቅማ ወሰደች። እኔ ስነቃ ታጥፈው አልጋዬ ጫፍ ላይ ነበሩ፤ የማር ሽታ ግን እስከ መጨረሻው ቀን አልለቀቃቸውም።

ሰኞ ገና ሳይነጋ ነቃሁ። ሰውነቴ ደሴ ነው ያለው፤ ደሴ ደግሞ ከሰዓት በኋላ ነው። ቤተሰቡን እንዳልቀሰቅስ ቀስ ብዬ ወጣሁና ትንሽ ተራመድኩ። ስመለስ ቤቱ የለም። ማለትም ሁሉም ቤት አለ፤ ሁሉም አንድ ዓይነት ነው። ቡናማ ግድግዳ፣ ነጭ ደረጃ፣ ቁጥር። ደሴ ቢሆን የጠፋ ሰው ሱቅ ገብቶ ይጠይቃል፤ እዚህ በሩ ላይ የቆመ አንድም ሰው የለም። በዚያ ዝምታ ውስጥ የኳስ ድምፅ ሰማሁ። ዱብ፣ ዱብ፣ ከዚያ ረጅም ዝምታ፣ ከዚያ እንደገና ዱብ። ድምፁን ተከትዬ ሄድኩ።

ከሕንጻዎቹ ኋላ አንድ የአስፋልት ሜዳ አለ። ነጭ ፀጉር ያላቸው፣ ቀጥ ብለው የሚቆሙ አጭር ሽማግሌ ብቻቸውን ኳስ ያነጥራሉ። ከወለል ብዙ የማይነሳ ዝቅ ያለ ንጥር ነው። ሲወረውሩም ኳሱ ዝቅ ብሎ ሄዶ ቅርጫቱ ውስጥ ገባ። ሲያዩኝ “ጠፋሽ?” አሉኝ በእንግሊዝኛ። አዎ አልኩ። ከያዙት ጠርሙስ ውሃ ቀዱልኝና አግዳሚው ላይ እንድቀመጥ በእጃቸው አሳዩኝ። ማንነቴን የጠየቁት ውሃውን ከጨረስኩ በኋላ ነው። የጀማል የእህት ልጅ መሆኔን ሲሰሙ እስከ በሩ አደረሱኝ።

ስማቸው ነጃት ነው። በእኔ ክፍል ውስጥ ሦስት ነጃቶች አሉ፤ ሦስቱም ሴቶች ናቸው፤ ሐያት ግን ‘ኮች ነጃት’ የምትላቸው ሰው እኚህ ናቸው። ትልልቆቹ ‘ነጃት ቤይ’ ይሏቸዋል፤ ‘ቤይ’ በቱርክኛ ‘አቶ’ እንደማለት ነው። የሰፈሩን ልጆች ያለ ክፍያ ያሠለጥናሉ። ልምምድ ከመጀመሩ በፊት ልጆቹን አሰልፈው ጥፍራቸውን ያያሉ፤ ጥፍሩ የረዘመ አይጫወትም። የመጀመሪያውን ሰዓት ልጆቹ ያለ ኳስ ይወረውራሉ፤ እጃቸውን እያነሱ ባዶ አየር። ከሩቅ ሲያዩዋቸው የሆነ ነገር የሚለምኑ ይመስላሉ።

እኔ የአንድ ስፖርተኛ ታሪክ መጻፍ ፈልጌ ነበር፤ ስለዚህ ማክሰኞና ረቡዕ ልምምድ ሲያልቅ አጠገባቸው ተቀምጬ ጠየቅኋቸው። እንግሊዝኛቸው እንደ እኔው ጎደሎ ነው፤ ሲያልቅባቸው ሆስፒታል የምትሠራው ልጃቸው ኤሊፍ ትሞላላቸዋለች። የተወለዱት ኢዝሚር ነው። አባታቸው የዓሣ መረብ ይጠግኑ ነበር። መጀመሪያ የተጫወቱበት ሜዳ ባሕሩ አፍ ላይ ነው፤ ነፋሱ ኳሱን ስለሚወስደው ዝቅ አድርጎ መወርወር ተማሩ። ለዚህ ስፖርት አጭር ናቸው ተብለው ሁለት ጊዜ ተመልሰው ሦስተኛው ክለብ ተቀበላቸው። የአገራቸውን ማልያ ለብሰዋል። ኋላ አሰልጣኝ ሆኑና ሕይወታቸው በአውቶቡስ ላይ አለፈ። ኤርዙሩም በሚባል ብርዳም ከተማ አዳራሹ ጥግ ላይ ምድጃ ነበር፤ ተቀያሪዎቹ እጃቸውን ሲያሞቁ አሰልጣኙ ሲጠራቸው አይሰሙም። እኔም የትምህርት ቤታችን ሜዳ ድንጋይ ስለሆነ ኳሱ ወደ ጎን እንደሚነጥር ነገርኳቸው። በጣም ሳቁ። ደሴ መምጣት አማረኝ አሉ።

ሐሙስ ማታ አጎቴ ሐብሐብ ቆርጦ ደረጃው ላይ ተቀምጠን ነበር፤ እሳቸውና ኤሊፍም መጡ። እኔ ጥሩ ጥያቄ የጠየቅኩ መስሎኝ፣ ካሠለጠኑት ሁሉ የሚበልጠው ማን እንደነበር ጠየቅኳቸው። ሐብሐቡን ሳህኑ ላይ መለሱት። 

“ልጄ ነበር” አሉ። “ፎርት ወርዝ ነው ያለው።”

ከዚያ ተነሥተው ገቡ። ፎርት ወርዝ ከዳላስ ያለው ርቀት ደሴ ከኮምቦልቻ ካለው ሁለት እጥፍ ቢሆን ነው፤ በአንድ አውራ ጎዳና የሚደረስ ነው። ኤሊፍ ድምጿን ዝቅ አድርጋ ነገረችን። ቶልጋ ይባላል። የሥጋ ልጃቸው አይደለም፤ ኢዝሚር ሳሉ ያሠለጠኑት፣ ከልጅነቱ ጀምሮ እነሱ ቤት በልቶ ያደገ ተጫዋች ነው። ተጣልተው ተለያዩ፤ ለምን እንደሆነ አባቷ ነግረዋት አያውቁም። እሷ በየበዓሉ ለቶልጋ ካርድ ትልካለች፤ አባቷ አያውቁም። አሁን አባቷ እሑድ ለሁልጊዜው ወደ ኢዝሚር ይመለሳሉ። ልባቸው ደካማ ነው፤ ሐኪሙ ከዚህ ጉዞ በኋላ አውሮፕላን እንዳይሳፈሩ አስጠንቅቋቸዋል። ቶልጋን እስከ እሑድ ድረስ ካላዩት አያዩትም።

አጎቴ እስከዚያ ድረስ የሐብሐቡን ፍሬ ሲለቅም ነበር። “ይሄማ አይተውም” አለ። ሁለት ሰዎች በአንድ መንገድ ላይ እየኖሩ፣ አንዱ ሊሄድ ሦስት ቀን ቀርቶት፣ እንዲህ ተብሎ ዝም አይባልም። ሽማግሌ መላክ አለበት። ኤሊፍ ሽማግሌ ማለት ምን እንደሆነ ጠየቀች። አጎቴ አስረዳት፤ እሷም ግራ ገብቷት አድራሻውን ሰጠችው።

ዓርብ ከጁምዓ በኋላ መስጊዱ መኪና ማቆሚያ ውስጥ ሽማግሌዎቹ ተሰየሙ። አንደኛው ሼህ ሰይድ ናቸው፤ የወረኢሉ ሰው፣ አውሮፕላን ማረፊያው መኪና ማቆሚያ መውጫ ላይ ሒሳብ የሚቀበሉ። ሁለተኛው ጋሽ ግርማ ናቸው፤ የአዲስ አበባ ሰው፣ ከአጎቴ ጋር ለአንድ ሆቴል የሚነዱ፣ እሑድ እሑድ በአማርኛ ቸርች የሚዘምሩ። እንግሊዝኛቸው ከሁሉም ይሻላል ተብለው ተጠሩ። ሦስተኛው ራሱ አጎቴ ነው።

ሼህ ሰይድ ሲያዩዋቸው “አንተ ጴንጤ፣ መስጊድ ደጃፍ ምን ትሠራለህ?” አሏቸው።

“እርሶን ልጠብቅ ነዋ። አገር ቤት ቢሆን እርሶ አይደሉ በኛ ሠርግ ላይ አስታራቂ የሚሆኑት?”

“አስታራቂ ሳይሆን በሊታ ነበርኩ” አሉ ሼህ ሰይድ። ሦስቱም ሳቁ። ነገሩን የተማከሩት ግን ሳይስቁ ነው። ጥፋተኛ ማን እንደሆነ ማንም አልጠየቀም። ታላቅና ታናሽ ሲጣሉ ታናሹ መጥቶ ጉልበት ስሞ ይታረቃል፤ ይህ ለሁሉም ግልጽ ነበር። እኔም ምንም አልተጠራጠርኩም።

ቅዳሜ ከቀትር በፊት ተነሳን። ሐያትም እኔም ከኋላ ተቀመጥን፤ ጋሽ ግርማ ሱፍ ለብሰው በዚያ ሙቀት። መንገዱ ላይ ሙቀቱ እንደ ሐይቅ ይታያል፤ ስንቀርበው ይሸሻል። እንቅልፍም ንቃትም ያልሆነ ነገር ውስጥ ገባሁ። የሐይቅ ከተማን ውሃ አሰብኩ፤ የኳሱን ድምፅም ሰማሁ፤ ዱብ፣ ዱብ፤ የመንገዱ ስንጥቅ ነው ለካ፣ ጎማው ሲያልፍበት። ስነቃ ጋሽ ግርማ በተሳሳተ መውጫ ወጥተን ሦስት ጊዜ እንደዞርን ለአጎቴ እየነገሩት ነበር፤ አጎቴ “ሥራዬ ነው መንዳት፣ አውቃለሁ” ይላል።

ቶልጋ በሩን ሲከፍት ራሱን ዝቅ ማድረግ ነበረበት። አርባዎቹ ውስጥ ያለ፣ ጢሙን የተላጨ፣ ደግ ፊት ያለው ሰው ነው፤ ትምህርት ቤት የሴት ልጆች ቡድን ያሠለጥናል። ሲራመድ ግራ እግሩን ትንሽ ይጎትታል። አስገባን፣ ተቀመጡ አለ። ማንም አልተቀመጠም። ሽማግሌ የመጣበትን ሳያገኝ አይቀመጥም። ሻይ አመጣ፤ ማንም አልነካም። ሳሎኑ ውስጥ ሦስት ሽማግሌዎችና ሁለት ልጃገረዶች በተርታ ቆመናል፤ እሱም እንግዳ ቆሞ መቀመጥ አፈረና ቆመ። ከዚያ የገባው መሰለውና ለመስጊድ መዋጮ ነው የመጣችሁት ብሎ ወደ መሳቢያው ሄደ።

“የለም፣ የለም” አሉ ጋሽ ግርማ በእንግሊዝኛ። “ስለ ነጃት ቤይ ነው የመጣነው።”

መሳቢያውን እንደያዘ ቆመ። ጋሽ ግርማ ሁሉንም ነገሩት፤ እሑድ እንደሚሄዱ፣ እንደማይመለሱ፣ እሱም መጥቶ እጃቸውን እንዲስም። ቶልጋ መጀመሪያ ሳቀ። ሳቁ ቶሎ አለቀ።

ታሪኩን ያወጋን ቆሞ ነው። የመጨረሻው ዙር ጨዋታ ላይ ጉልበቱ እንዳመመው ለአሰልጣኙ ነግሯቸው ነበር። እሳቸው በገዛ እጃቸው በፋሻ ጠቅልለው አስገቡት። በሁለተኛው አጋማሽ የጉልበቱ ጅማት ተበጠሰ። ከዚያ በኋላ እንደ ተጫዋች ወደ ሜዳ አልገባም። ሼህ ሰይድ ጋሽ ግርማ እስኪተረጉሙላቸው አንገታቸውን ደፍተው ይሰማሉ።

“የተቀየምኩት በጉልበቴ አይደለም” አለ ቶልጋ። “ጨዋታ ነው፣ ይሆናል። ወሩን ሙሉ ሆስፒታል ተኝቼ አሰልጣኜ አንድ ቀን አልመጣም። ወንበሩ አጠገቤ ባዶ ነበር።”

ጋሽ ግርማ ይህን ሲተረጉሙ ድምፃቸው ዝቅ አለ። አጎቴ ምንጣፉን ማየት ጀመረ። እኛ ዘንድ ሰው ታሞ ሳይጠየቅ ሲቀር ምን ማለት እንደሆነ ማስረዳት አያስፈልግም። ያልተጠየቀ ሰው ከሞት ቢድን እንኳ ከሰው የወጣ ያህል ነው።

ያን ጊዜ ሼህ ሰይድ ሄደው ሶፋው ላይ ተቀመጡ። አጎቴ ደንግጦ አያቸው።

“ተቀመጡ” አሉ። “የተበዳይ ቤት መጥተን ‘ይቅርታ ጠይቅ’ ስንል ነበር። ሻዩን ስጡኝ።”

ሁላችንም ተቀመጥን። ቶልጋ ምን እንደተባለ ሲነገረው ምሳ ካልበላችሁ አትሄዱም አለ። የምስር ሾርባ፣ ሩዝ፣ ሎሚ። ሾርባው የእናቴን ይመስላል፤ የጎደለው በርበሬው ብቻ ነው። ስንወጣ ሼህ ሰይድ እንዲመጣ አልለመኑትም። በሩ ላይ ቶልጋ ራሱ ተናገረ፤ እሱ አይሄድም፣ በሩ ግን ክፍት ነው።

ስንመለስ መኪናው ውስጥ የተነገረው ጥቂት ነው። አጎቴ፣ በዚህ ዕድሜያቸው ለልጅ ሄደው ይንበርከኩ እንዴት ይባላል ብሎ ተጨነቀ። ጋሽ ግርማ እኔስ አልተረጉምም አሉ። ሐያት፣ “ግን እኮ ሶሪ ማለት ብቻ ነው” አለች።  ሼህ ሰይድ ዓይናቸውን ጨፍነው ነበር፤ የተኙ መስለውኝ ነበር።

ማታ የነጃት ቤይ ቤት ሻንጣዎች በር ላይ ቆመዋል። ሼህ ሰይድ አሁንም ሳይጋበዙ ተቀመጡ። በአማርኛ ይናገራሉ፤ ጋሽ ግርማ በእንግሊዝኛ፣ ኤሊፍ በቱርክኛ። ቃሉ በሦስት ቋንቋ አልፎ እስኪደርስ ድረስ ሁለቱ አረጋውያን ዓይን ለዓይን ይጠባበቃሉ። ፎርት ወርዝ መሄዳችንን ሲሰሙ ነጃት ቤይ ፊታቸው ተቆጣ። ሼህ ሰይድ ስለ ይቅርታ አንድም ቃል አልተናገሩም።

“እኛ አገር ታማሚ ሳንጠይቅ ብንቀር፣ ‘ድኗል’ ብለን አንተወውም” አሉ። “ዘግይተንም ቢሆን እንሄዳለን። እኔ ነገ ጥዋት ያንን ልጅ ልጠይቅ እሄዳለሁ። መኪናው ውስጥ ቦታ አለ።”

ኤሊፍ ግማሹ ላይ ስትደርስ አቋርጣ እንደገና ጀመረች። ነጃት ቤይ መዳፋቸውን ገልብጠው አዩት።  እምቢ ቢሉ ነገሩ እዚያ ያልቃል፤ ሁላችንም አውቀነው ነበር። ከዚያ አንድ ነገር ጠየቁ፤ ኤሊፍ ወደ እኛ ዞረች።

“ምን ተይዞ ነው የሚኬደው? ይላል።”

“ብርቱካን” አሉ ሼህ ሰይድ።

እሑድ ጥዋት አጎቴ ሱቅ ደጃፍ አቁሞ ብርቱካን ገዛ። ሐያት ማንጎው ይሻላል፣ ደግሞም ሰውየው አልታመመም አለች። “ታሟል” አሉ ሼህ ሰይድ። ጋሽ ግርማ በቸርቻቸው ምክንያት አልመጡም፤ ስንነሳ ግን ደውለው ስለ እኛ እንደሚጸልዩ ነግረውናል። ሻንጣዎቹ ከኋላ ተጭነዋል፤ ኤሊፍ በራሷ መኪና ትከተለናለች። ነጃት ቤይ ከፊት ተቀምጠው የብርቱካኑን ከረጢት ጭናቸው ላይ ይዘዋል፤ መንገዱን ሁሉ አላስቀመጡትም። ሜዳው በጎን በጎን ያልፋል፣ ያው ሰማይ፣ ያው ብርሃን፤ እኔም መድረሳችንን አልፈለግኩም፤ ፈራሁ።

ቶልጋ በሩን ከፈተ። እኛ ኋላ ቀረን። ነጃት ቤይ ደረታቸውን ነፍተው፣ እንደ ልጅ ሁለት እጃቸውን በከረጢቱ ሞልተው ቆመዋል። የተናገሩት አጭር ነው፤ ኤሊፍ በጆሮአችን ተረጎመችልን።

“ልጠይቅህ መጣሁ። ዘገየሁ።” ከዚያ ደግሞ፣ “ፈርቼ ነው። ጉልበትህ እንዴት ነው?”

ቶልጋ አልተንቀሳቀሰም። እጁ በሩ እጀታ ላይ ነበር። እጀታውን ሲለቀው አየሁ።

“ሊዘንብ ሲል ያመኛል” አለ።

ከረጢቱን ተቀበላቸው። ከዚያ ዝቅ ብሎ፣ በዚያ ጉልበት ዝቅ ማለት ቀላል እንዳልሆነ እያስታወቀበት፣ የሽማግሌውን እጅ ሳመና ግንባሩ ላይ አደረገው። አጎቴ ወደ መኪናው ዞሮ ምንም ያልቆሸሸ መስታወት መጥረግ ጀመረ። ገብተን ብርቱካኑን ላጥን።  ነጃት ቤይ ስለ ልጃገረዶቹ ቡድን ጠየቁት፣ ጥፍራቸውን ታያለህ ወይ ብለው፤ አያለሁ አለ። ሼህ ሰይድ ሦስት ብርቱካን በሉ።

ወደ ዲኤፍደብሊው ያደረሳቸው ቶልጋ ነው፤ ሻንጣዎቹን ከአጎቴ መኪና ወደ ራሱ አዛወረ፤ አጎቴም ሥራው ስለተወሰደበት ቅር ያለው መሰለ። እኛ ከኋላ ተከተልን። በመስታወቱ በር ሲገቡ አየናቸው፤ ረጅሙ እግሩን እየጎተተ፣ አጭሩ ክንዱን ይዘው፣ እኩል ቀስ እያሉ። እሑድ፣ ሐምሌ 26 ቀን 2001 ዓ.ም. ነበር።